ድምፅ በሌለው ፊልም የታወቀችው ግሬታ ጋርቦ

ዱሮ ፊልም አይናገርም ነበር። ሰዎቹ በሸራው ላይ ሲሮጡ፣ ሲጣሉ፣ ሲያለቅሱ ይታያል፤ ድምፃቸው ግን አይሰማም። ታዲያ የተባባሉት በምን ይታወቃል? ሥዕሉ ለአፍታ ይቆምና ጽሑፍ ይመጣል። ተመልካቹ ያነበዋል። ከዚያ ሰዎቹ ይመለሳሉ። ማንበብ የማይችል ሰው አጠገቡ የተቀመጠውን «ምን ይላል?» እያለ ይጠይቃል። ጎረቤቱ ቶሎ ካልነገረው ጽሑፉ ያልፍበታል። ይኼ ምን ያህል እንደሚያናድድ ለእናንተ መንገር አያስፈልገንም።

ዛሬ የምናነሳት ሴት በእንዲህ ዓይነቱ ፊልም የታወቀች ናት። ስሟ ግሬታ ጋርቦ ይባላል። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ግሬታ በ1905 በስዊድን ዋና ከተማ በስቶክሆልም ተወለደች። ስዊድን በሰሜን አውሮፓ የምትገኝ ብርዳም አገር ናት። አባቷ የጉልበት ሠራተኛ ነበሩ፤ ቤቱ የድሃ ቤት ነው። ትምህርቷን ገና በልጅነቷ አቆመች። በ1920 አባቷ ሲሞቱ 14 ዓመቷ ነበር። በዚያን ጊዜ ገደማ ፀጉር አስተካካይ ቤት ገብታ፣ ጢማቸውን የሚላጩ ወንዶችን ፊት ሳሙና ትቀባ ነበር። ቀጥሎ በአንድ ትልቅ ሱቅ ተቀጠረች። ሱቁ ባርኔጣ ለማስተዋወቅ ፎቶግራፍ አነሳት፤ ኋላም ለማስታወቂያ በተሠራ አጭር ፊልም ታየች። ወደ ፊልም የገባችው በዚህች ጠባብ በር ነው።

የቲያትር ትምህርት ቤት ገብታ ስትማር፣ ሞሪትዝ ስቲለር የሚባል የታወቀ የፊልም አዘጋጅ አያት። በ1924 በወጣ ትልቅ ፊልም አሠራት። በ1925 ሁለቱም ወደ አሜሪካ ተሻገሩ።

ግሬታ እንግሊዝኛ አታውቅም ማለት ይቻላል። አስተርጓሚ ተቀጠረላት። ፊልሙ ድምፅ ስለሌለው ግን ለተመልካቹ ምንም አልጎደለበትም። እሱ የሚያየው ፊቷን ነው፤ ፊቷ ደግሞ ያለ ቃል ይናገራል። ስቲለር ግን እንደ እሷ አልቀናውም። አዘጋጅ ሠራተኛውን ማዘዝ አለበት፤ በማያውቀው ቋንቋ እንዴት ይዘዝ? ከኩባንያው አለቆችም ጋር አልተስማማም። ከእሷ ጋር የጀመረውን ፊልም ቀምተው ለሌላ ሰጡበት። ወደ አገሩ ተመልሶ በ1928 ሞተ።

የግሬታ ፊልሞች ለኩባንያው ብዙ ገንዘብ አስገቡ። እሷም ሒሳቡ ገባት። በሳምንት 5000 ዶላር ይከፈለኝ አለች። አለቆቹ እምቢ ሲሉ ሥራውን ትታ ቤቷ ተቀመጠች። ወራት አለፉ። በ1927 እነሱው ተሸነፉና አዲስ ውል ተፈረመ። እኛ ከታሪኳ ሁሉ ይኼን እናደንቃለን። አገሩ የሰው፣ ቋንቋው የሰው፤ ዕድሜዋም ገና 21 ነበር።

በዚያው በ1927 ተዋናዮቹ የሚናገሩበት ፊልም ወጣ። ከውጭ አገር የመጡ ተዋናዮች ጭንቅ ያዛቸው። አንዳንዶቹ አነጋገራቸው ስላልተወደደ እንጀራቸው ተቋረጠ። የግሬታም ኩባንያ ፈርቶ እስከ 1929 ድረስ ድምፅ በሌለው ፊልም ብቻ አሠራት። እሷ እስከዚያ እንግሊዝኛውን ለመደችው።

በ1930 «አና ክሪስቲ» በሚባል ፊልም ተናገረች። በታሪኩ ውስጥ የምትጫወተው የአንድ ስዊድናዊ መርከበኛ ልጅ ሆና ነው፤ ስለዚህ ስዊድን ስዊድን የሚለው አነጋገሯ ልክ ገባ። ኩባንያው «ጋርቦ ተናገረች!» እያለ አስታወቀ። ድምፅዋ ጎርነን ያለ ነው። ሕዝቡ ወደደው።

ሆኖም አንድ ነገር ቀረ። ፊልም ሳይናገር በነበረበት ጊዜ ወደ ሌላ አገር ሲሄድ፣ ጽሑፉን በዚያ አገር ቋንቋ መለወጥ ይበቃ ነበር። አሁን ግን «አና ክሪስቲ»ን ለጀርመኖች ለማሳየት ታሪኩን ከሌሎች ተዋናዮች ጋር እንደ አዲስ መሥራት አስፈለገ። ግሬታም ሁሉን ነገር በጀርመንኛ ደገመችው።

የመጨረሻ ፊልሟ የወጣው በ1941 ነው፤ 36 ዓመቷ ነበር። ከዚያ ወዲያ ከጋዜጠኞች እየሸሸች ኖራ፣ በ1990 በ84 ዓመቷ ኒውዮርክ ውስጥ ሞተች።