የቤት ብድር እውነተኛ ዋጋው ስንት ነው?

አንድ አስመጪ ከውጭ አገር ዕቃ ለማምጣት ሲነሣ የሻጩን ዋጋ ብቻ አይቶ አያዝዝም። የመርከቡን ኪራይ፣ የመድኑን ዐረቦን፣ የጅቡቲውን የወደብ ወጪ፣ የጉምሩኩን ቀረጥ፣ የባንኩን ኮሚሽን፣ የጭነት መኪናውን ሒሳብ፣ የጫኝና የአውራጁን ሳይቀር ይደምራል፤ ዕቃው መጋዘን ገብቶ በሩ ሲዘጋ አንዱ ካርቶን ስንት ብር እንደ ወሰደበት እስከ ሳንቲሙ ያውቀዋል። ይህን የማያደርግ ነጋዴ በገበያ ላይ ብዙ ዓመት አይቈይም። የሚያስገርመው ግን ይኸው ለጥቂት ካርቶን ሸቀጥ ይህን ያኽል የሚጠነቀቅ ሰው በዕድሜው ከሚገዛው ነገር ሁሉ ትልቁን፣ ይኸውም የመኖሪያ ቤቱን፣ በባንክ ብድር ሲገዛ አንድ ጥያቄ ብቻ ጠይቆ መፈረሙ ነው። ጥያቄውም «በወር የምከፍለው ስንት ነው?» የሚል ነው።

የወሩ ክፍያ የተበዳሪው ኪስ ሸክሙን ይችለው እንደ ሆነ ያመለክታል እንጂ ዋጋውን አይናገርም። ዋጋው ከመጀመሪያው ቀን እስከ መጨረሻው ቀን ከእጅ የሚወጣው ገንዘብ ሁሉ ተደምሮ የሚገኘው ነው። ይህን ድምር ብዙ ተበዳሪዎች ፈርመው፣ ካርታቸውን አስረክበው፣ ዓመታት ካለፉ በኋላ እንኳ አያውቁትም።

ነገሩ በቍጥር ቢታይ ይሻላል። አንድ ባለሱቅ 4,000,000 ብር የሚያወጣ ቤት ለመግዛት 1,000,000 ብር ከራሱ አውጥቶ የቀረውን 3,000,000 ብር በዓመት በመቶ 16 ወለድ፣ በ20 ዓመት ተከፍሎ በሚያልቅ ውል ተበደረ ይባል። (እነዚህ ቍጥሮች ለስሌት የተመረጡ ናቸው፤ ባንኮች የየራሳቸው የወለድ መጠን አላቸው።) በየወሩ እኩል የሚከፈለው 41,738 ብር ገደማ ይሆናል። ወሩ 240 ስለ ሆነ ጠቅላላው ክፍያ 10,017,000 ብር አካባቢ ይደርሳል። ከዚህ ውስጥ ከ7,000,000 ብር በላይ የሆነው ወለድ ነው። ባለሱቁ መጀመሪያ ያወጣው 1,000,000 ብር ሲጨመርበት የ4,000,000 ብሩ ቤት በመጨረሻ የሚቆመው በ11,017,000 ብር ነው።

ይህን ሲሰሙ ብዙዎች «በመቶ 16 እንዴት ይህን ያኽል ያመጣል?» ይላሉ። በመቶ 16 የተባለው ለአንድ ጊዜ የሚከፈል አይደለም፤ በየዓመቱ ባልተከፈለው ዕዳ ላይ እየታሰበ የሚሄድ ነው። በመጀመሪያው ወር በ3,000,000 ብር ላይ የሚታሰበው ወለድ 40,000 ብር ነው። ስለዚህ ባለሱቁ 41,738 ብር ቈጥሮ ሲከፍል ከዋናው ዕዳ ላይ የሚነሣለት 1,738 ብር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ከዚያ በጥቂት ብሮች ብቻ ይበልጣል፤ በሦስተኛውም እንዲሁ። አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያጓድል 2,504,000 ብር ከከፈለ በኋላ ወደ ባንኩ ሄዶ ቀሪ ዕዳውን ቢጠይቅ 2,841,800 ብር ገደማ ቀርቷል የሚል መልስ ያገኛል። በአምስት ዓመት ላብ ከዋናው ላይ የተነሣው 158,200 ብር ብቻ ነው። በዚህ ጊዜ ከባንኩ ሠራተኛ ጋራ መጨቃጨቅ የተለመደ ነው። ሠራተኛው ግን ያደረገው በደል የለም፤ የተፈጸመው ውሉ ያለው ነው። ጭቅጭቁ ከአምስት ዓመት በፊት መደረግ ነበረበት።

ሰው ሁሉ ስለ ወለዱ መጠን ይከራከራል፤ ግማሽ በመቶ ለማስቀነስም አማላጅ ይልካል። ስለ ዘመኑ ርዝመት ግን የሚከራከር ጥቂት ነው፤ እንዲያውም ረጅሙን ዘመን ያገኘ ሰው ዕድለኛ እንደ ሆነ ይቈጥራል። ይኸው 3,000,000 ብር በዚያው ወለድ በ15 ዓመት የሚከፈል ቢሆን የወሩ ክፍያ 44,061 ብር ይሆናል፤ ከ20 ዓመቱ የሚበልጠው በ2,323 ብር ብቻ ነው። ጠቅላላው ክፍያ ግን 7,931,000 ብር ያኽል ስለሚሆን ከ2,000,000 ብር በላይ ይተርፋል። በ10 ዓመት ቢሆን ደግሞ ወሩ 50,254 ብር፣ ድምሩ 6,030,000 ብር ገደማ ነው። በወር 8,516 ብር በመጨመር ወደ 4,000,000 ብር የሚጠጋ ገንዘብ ይድናል ማለት ነው፤ ከባንክ የተበደረውን ሙሉ ገንዘብ የሚያስከነዳ! በአንጻሩ ዘመኑ ወደ 30 ዓመት ቢራዘም የወሩ ክፍያ ከ20 ዓመቱ የሚቀንሰው 1,395 ብር ብቻ ሲሆን ድምሩ ከ14,500,000 ብር ያልፋል። ወለዱ ከፍ ባለ መጠን ዘመን ማስረዘም ለተበዳሪው የሚሰጠው እፎይታ እጅግ ትንሽ፣ የሚያስከፍለው ዋጋ ግን እጅግ ብዙ ነው።

ረጅም ዘመንን መልካም አድርጎ የማየቱ ልማድ ምናልባት ከቀድሞው ጊዜ የመጣ ይሆናል። በ1968 ዓ.ም. የተቋቋመው የቤትና ቍጠባ ባንክ ለኅብረት ሥራ ማኅበራት ያበድር በነበረበት ዘመን ወለዱ ዝቅተኛ ስለ ነበር፣ ረጅም ዘመን ያን ያኽል አይጎዳም ነበር። ለማነጻጸር ያኽል ከላይ የተባለው 3,000,000 ብር በመቶ 4 ተኩል ቢታሰብ የ20 ዓመቱ ጠቅላላ ክፍያ 4,555,000 ብር ገደማ ብቻ ይሆናል። ያ ባንክ ስሙን ለውጦ የኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ሆነ፤ በ2008 ዓ.ም.ም ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ጋራ ተዋሐደ። አባት በዚያ ወለድ ቤት ሠርቶ «ዕዳው ሳይታወቀኝ አለቀ» ብሎ ቢናገር እውነቱን ነው፤ ልጁ ግን የአባቱን ምክር በዛሬ ወለድ ላይ ቢያውለው ይሳሳታል።

የነጋዴ ገቢ እንደ ደመወዝተኛ በወር በወር አይመጣም። የባለሱቁ ገበያ በዘመን መለወጫ፣ በገና፣ በፋሲካና በዒድ ይደራል፤ ቡና ላኪውም ገንዘቡን የሚያየው በወቅቱ ነው። ስለዚህ የ20 ዓመት ውል ተዋውሎ በደራው ወር ተጨማሪ መክፈል፣ በቀዘቀዘው ወር ደግሞ ወደ መደበኛው ክፍያ መመለስ ለእርሱ የተስማማ ዘዴ ነው። በመጀመሪያው ዓመት 100,000 ብር ለዋናው ዕዳ አስቀድሞ የከፈለ ሰው ከዚያ ወዲያ በየዓመቱ ቢያንስ 16,000 ብር ወለድ ይቀርለታል። ነገር ግን ሁለት ነገር መጣራት አለበት። አንደኛው፣ ውሉ ያለ ቅጣት አስቀድሞ መክፈልን ይፈቅድ እንደ ሆነ ነው። ሁለተኛው፣ የተከፈለው ትርፍ ገንዘብ ለሚመጡት ወራት ቅድሚያ ክፍያ ተብሎ ሳይሆን ለዋናው ዕዳ ማቃለያ ተብሎ መመዝገቡ ነው። ይህም በቃል ሳይሆን በደብዳቤ ተጠይቆ፣ በደረሰኙም ላይ ሰፍሮ፣ ቅጂው በፋይል መቀመጥ ይገባዋል።

በብዙ የብድር ውሎች ውስጥ ባንኩ የወለዱን መጠን ሊለውጥ እንደሚችል የሚናገር አንቀጽ አለ። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ በግለሰቦች መካከል በሚደረግ የገንዘብ ብድር ላይ ከመቶ 12 በላይ ወለድ መዋዋልን ይከለክላል፤ የባንኮች ወለድ ግን በዚህ ወሰን አይመራም። በምሳሌው ባለሱቅ ላይ አምስት ዓመት ከከፈለ በኋላ ወለዱ ከመቶ 16 ወደ መቶ 18 ቢያድግ፣ በቀሪው 2,841,800 ብር ላይ የሚታሰበው የአንድ ወር ወለድ 42,627 ብር ነው። ሲከፍል የኖረው 41,738 ብር ወለዱን እንኳ አይሸፍንም። ክፍያው ካልተጨመረ ዕዳው በየወሩ ማነሱ ቀርቶ ማደግ ይጀምራል።

የግምት ክፍያ፣ የመያዣ ምዝገባ፣ የእሳት መድን፣ አንዳንድ ጊዜም የሕይወት መድን፣ ቦታው በሊዝ የተያዘ ከሆነ የሊዙ ዓመታዊ ክፍያ አለ። እያንዳንዱ ከወለዱ አጠገብ ሲታይ ትንሽ ነው፤ ቢሆንም ከድምሩ ሊቀር አይገባውም።

ለዚህ ሁሉ ነጋዴዎች የሚሰጡት አንድ ጠንካራ መልስ አለ። «ብር በየዓመቱ ይረክሳል፤ ዛሬ የከበደኝ 41,000 ብር ከዐሥር ዓመት በኋላ የምሳ ዋጋ ይሆናል፤ የሚጎዳው ያበደረ ነው» ይላሉ። ይህ አባባል እውነት አለበት። በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረት ከመቶ 30 በላይ ነበር፤ በዚያ ጊዜ በመቶ 16 የተበደረ ሰው በእርግጥ ተጠቅሟል። የቤቱም ዋጋ አብሮ ወጥቶለታል። የኪራይ ቤት ኑሮ ዋስትና ማጣቱም ቢሆን የሚናቅ አይደለም፤ በ2016 ዓ.ም. የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይ አዋጅ የኪራይ ጭማሪን ቢገድብም የራስ ቤት የሚሰጠውን ዕረፍት አይተካም።

ሆኖም የዋጋ ንረት ለተበዳሪ የሚጠቅመው ገቢው ከንረቱ ጋራ እኩል ሲያድግ ብቻ ነው። ንረቱም አንድ ቀን ጋብ ሲል፣ በንረት ዘመን የተዋዋሉት ከፍተኛ ወለድ ከነሙሉ ክብደቱ ይቀራል፤ 20 ዓመት ደግሞ ረጅም ዘመን ነው። ለአስመጪ ደግሞ የተለየ ችግር አለ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ በገበያ እንዲመራ በተወሰነ ጊዜ አንድ የአሜሪካ ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር፤ በአንድ ዓመት ጊዜ ውስጥ ከ130 ብር አለፈ። የ50,000 ዶላር ዕቃ ለማስመጣት 2,850,000 ብር ይበቃው የነበረ ነጋዴ ያንኑ ዕቃ ለማምጣት 6,500,000 ብር አስፈለገው። የብር መርከስ የቤት ዕዳውን በአንድ እጁ ሲያቀልለት በሌላው እጁ የሥራ ገንዘቡን ከግማሽ በላይ ቀማው። በዚያው ቀን ተጨማሪ ብድር ፍለጋ ወደ ባንክ ሲሄድ የሚጠየቀው መያዣ ነው፤ ቤቱ ግን አስቀድሞ ለቤቱ ዕዳ ተይዟል። መያዣነት የታሰረበት ቤት ለነጋዴ የቆመ ካፒታል መሆኑ ከወለዱ ሌላ የሚታሰብ ዋጋ ነው፤ በማንኛውም ሰንጠረዥ ላይም ተጽፎ አይገኝም።

ከዚህም የባሰው ተቃራኒው ነው፤ ይኸውም ቤቱን ለንግዱ ብድርም ደርቦ ማስያዝ ነው። በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቍጥር 97 ባንኮች በመያዣ የያዙትን ንብረት ዕዳው በጊዜው ባይከፈል፣ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥተው ፍርድ ቤት ሳይሄዱ በሐራጅ እንዲሸጡ ሥልጣን ይሰጣቸዋል። ሱቁ ሲከስር ልጆች ያደጉበት ቤት አብሮ ይወጣል፤ የሐራጁም ገንዘብ ካልበቃ ቀሪው ዕዳ ሰውየውን ይከተለዋል። ስለዚህ የቤቱ መያዣ ለቤቱ ብድር ብቻ ይሁን፣ ወይስ ተበዳሪው ከዚያው ባንክ ለሚወስደው ሌላም ዕዳ ጭምር፣ ውሉን አንብቦ መለየት ያስፈልጋል።

በዚህ ረገድ አንድ የሚያሳዝን ልማድ አለ። የ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የጋራ የሆነ የማይንቀሳቀስ ንብረት በመያዣ የሚሰጠው ባልና ሚስት ሁለቱም ሲስማሙ ነው ይላል። በተግባር ግን ባለቤቲቱ የምትጠራው ለመፈረም ብቻ ነው፤ ስንት ዓመት፣ ስንት ብር፣ ምን ቢሆን ቤቱ እንደሚሄድ የሚነግራት የለም። የቤቱን የወር ወጪ የምታስተዳድረው እርስዋ ሆና ሳለ፣ በዚያ ወጪ ላይ ለ20 ዓመት ቀዳሚ ሆኖ የሚቀመጠውን ክፍያ ሳታየው መፈረምዋ ከሕጉ ሐሳብ ጋራ አይስማማም። ሰንጠረዡን ሁለቱም ቁጭ ብለው ሊያዩት ይገባል።

ባንኮችም ቢሆኑ ሊጠየቁ የሚገባ ነገር አለ። ማስታወቂያቸው የወሩን ክፍያ በጉልህ ያወጣል፤ ጠቅላላውን ድምር ግን ተበዳሪው ራሱ ፈልጎ ማግኘት አለበት። በብድሩ ውል የመጀመሪያ ገጽ ላይ ጠቅላላው የሚከፈለው ገንዘብ፣ ከዚያም ውስጥ ወለዱ ስንት እንደ ሆነ፣ በየአምስት ዓመቱ መጨረሻ የሚቀረው ዋና ዕዳ፣ ወለዱም በመቶ 2 ቢጨምር የወሩ ክፍያ ስንት እንደሚሆን በቍጥር እንዲጻፍ የንግድ ምክር ቤቱ ከባንኮች ጋራ ቢነጋገር ለአባላቱ ትልቅ አገልግሎት ይሆናል። ለባንኮቹም ቢሆን የሚጎዳቸው አይደለም፤ ዕዳውን ዐውቆ የተበደረ ሰው ሳያውቅ ከተበደረው ይልቅ አጥብቆ ይከፍላልና።

እስከዚያው ድረስ ማንኛውም ተበዳሪ ከመፈረሙ በፊት የአከፋፈሉን ሰንጠረዥ በ10፣ በ15 እና በ20 ዓመት ለይተው በጽሑፍ እንዲሰጡት መጠየቅ ይችላል። ባንኩ ለራሱ ሒሳብ ያዘጋጀው ስለ ሆነ ቅጂውን አትሞ መስጠት የጥቂት ደቂቃ ሥራ ነው።