በሰማይ መድኃኒት የሚረጭ ሰው ዕድሜው ስንት ይሁን

ክቡራን የወረዳና የቀበሌ ሹማምንት፤ ድሮን የተባለው ሰው የማይሳፈርበት በራሪ መሣሪያ በብዙ አገር ለእርሻ ሥራ እየዋለ መሄዱን ሳትሰሙ አትቀሩም። በገንዳ ውሃና በመተማ ዮሐንስ መካከል በኮኪትና በአካባቢዋ ሰሊጥ፥ ጥጥና ማሽላ የሚያዘራ ባለ ሰፊ እርሻም ይህን መሣሪያ መመኘቱ አይቀርም። በክረምት አረሙ ከሰሊጡ ቀድሞ ሲያድግ፥ የቀን ሠራተኛው ከደጋ ሳይወርድ ሲዘገይ፥ ጥቁሩም መሬት ጭቃ ሆኖ ትራክተር አላስገባ ሲል፥ በሰማይ የሚረጭ ነገር እንደ በረከት ይታያል። እኔም የመሣሪያውን መምጣት አልጠላም። የምጽፈው ስለ አንድ ነገር ነው፤ እርሱም መሪውን የሚይዘው ሰው ዕድሜ ነው።

ነገሩን ፈጥኖ የሚለምደው ልጅ ነው። በስልክ ጨዋታ ጣቱ የተፍታታ የ15 ዓመት ልጅ አባቱ በወር የማይችለውን በሁለት ቀን ይችለዋል። ስለዚህ ባለ እርሻው መሪውን ለልጅ ቢሰጥ የሚያስደንቅ አይሆንም፤ ደመወዙም ይቀልለታል። ይህንኑ ሐሳብ የሚደግፍ የውጭ አገር ምሳሌ የሚጠቅስም ይኖራል። በአሜሪካ ከ2016 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ለሥራ የሚያበርር ሰው ፈተና አልፎ ምስክር ወረቀት የሚያገኘው 16 ዓመት ሲሞላው ነው። በአውሮፓ ኅብረትም ደንቡ ያው 16 ነው፤ አባል አገሮች ግን ለቀላሉ የበረራ ዓይነት እስከ 12 ዓመት ዝቅ ለማድረግ ይችላሉ።

ሆኖም ያ ቀላል የተባለው በረራ ምን እንደ ሆነ ማስተዋል ያስፈልጋል። ከ25 ኪሎ የሚያንስ መሣሪያ፥ ከምድር ከ120 ሜትር ሳይርቅ፥ በዓይን እየታየ፥ ምንም ነገር ወደ መሬት ሳይጥል የሚበርር ማለት ነው። መድኃኒት መርጨት ከዚህ ውስጥ አይገባም። የእርሻው ድሮን ታንኩ እስከ 40 ሊትር የሚይዝ፥ ሲሞላም ክብደቱ 100 ኪሎ ያህል የሚደርስ አለ፤ ክንፎቹ በሰው ላይ ቢወድቁ የሚያደርሱትን መናገር አያሻም።

ከክብደቱ ይልቅ የሚያሳስበኝ ግን የመድኃኒቱ ነገር ነው። በጀርባ በሚታዘል መርጫ ለአንድ ሄክታር 200 ሊትር ያህል ውሃ ይፈልጋል፤ በድሮን ከ10 እስከ 20 ሊትር ይበቃል። መድኃኒቱ ግን ያው ነው፤ ስለዚህ በድሮኑ ታንክ ያለው ድብልቅ ከ10 እስከ 20 እጥፍ የከረረ ይሆናል። ይህንን የሚበጠብጠው፥ የሚሞላው፥ ቧንቧውም ሲደፈን በእጁ የሚከፍተው ያው መሪውን የያዘው ሰው ነው። በዚህ ላይ የነፋስ ነገር አለ። ገበሬ ሁሉ የሚያውቀው ቱፎርዲ የማሽላን አረም ያጠፋል፤ ነገር ግን ቅጠለ ሰፊ አዝርዕትን አይምርም፤ ይልቁንም ጥጥ በጥቂቱ ይጎዳል፤ ሰሊጥም አይድንም። በኮኪት ማሳዎች ማሽላና ሰሊጥ ጎን ለጎን ይዘራሉ። ጥቂት ነፋስ ሲነሣ መርጨቱን ማቆም የሚገባው ሰው ጌታው «ጨርስ» ሲለው «አልጨርስም» ብሎ የሚመልስ ሊሆን ይገባል። የጣት ቅልጥፍና ለዚህ አይረዳም፤ ልጅም ይህን አፍ አውጥቶ አይናገርም።

ሕጋችንም ቢሆን መንገዱን አሳይቶናል። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ከ15 ዓመት በታች ያለውን መቅጠር ይከለክላል፤ ከ15 እስከ 18 ያለውንም ወጣት ሠራተኛ ብሎ ሕይወቱን ወይም ጤናውን ለአደጋ በሚያጋልጥ ሥራ እንዳይሰማራ ያዝዛል፤ ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓትም እንዳይሠራ ይከለክላል። በቆላ የመርጫው ደግ ሰዓት ነፋሱ ሳይነሣ፥ ሙቀቱም ሳይበረታ ጎሕ ሲቀድ እንደ ሆነ ታውቃላችሁ። እንግዲህ የካሜራ ድሮን የሚያበርር የ16 ዓመት ልጅ ቢኖር ሌላ ጉዳይ ነው፤ መድኃኒት የሚረጨው ግን ከ18 ዓመት ማነስ የለበትም እላለሁ።

ነገር ግን ዕድሜ በምን ይታወቃል? የልደት ምዝገባ በአዋጅ ቁጥር 760/2004 ቢታዘዝም በመላ አገሪቱ ሥራው የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ማብቂያ ነው። ዛሬ 16 ወይም 18 ዓመት የሞላው ሁሉ ከዚያ በፊት የተወለደ ስለ ሆነ በተወለደ ጊዜ የተጻፈለት ወረቀት ላይኖረው ይችላል። ከጎጃምና ከጎንደር ደጋ ለአጨዳ የሚወርደው ወጣት «18 ነኝ» ሲል የሚያምነውም የሚክደውም አሠሪው ብቻ ነው፤ ለአሠሪውም ማመን ይቀልለዋል። ስለዚህ የተማሪ ቤት መዝገብ ወይም የክርስትና ምስክር ይጠየቅ፤ ይህም ካልተገኘ ከመጣበት ቀበሌ ደብዳቤ ይምጣ፤ እስኪመጣም ሌላ ሥራ አይጠፋለትም።

በጠረፍ ደግሞ ሌላ ጥንቃቄ አለ። በአገራችን ድሮን ያለ ፈቃድ ማስገባትም ማብረርም እንደማይቻል፥ የኢንፎርሜሽን መረብ ደኅንነት አስተዳደርና የሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣንም የሚመለከታቸው መሆናቸውን ባለ እርሻው ገንዘቡን ሳያወጣ በፊት ይነገረው። በሱዳን በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. በተነሣው ጦርነት ሁለቱም ወገኖች በድሮን ተዋግተውበታል፤ በክልላችንም ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ በኋላ በሆነው ውጊያ ድሮን ውሏል። ሕዝቡ ድሮንን ያወቀው በዚህ ነው። ስለዚህ ያለ ማስታወቂያ ከማሽላ በላይ የሚያጓራ ነገር ቢሰማ እናት ልጇን ይዛ ብትሸሽ፥ የጠረፍ ጠባቂም ጠመንጃ ቢያነሣ አይፈረድባቸውም። በዚያች ሰዓት መሪውን የያዘው የ15 ዓመት ልጅ ቢሆን ወታደር ሲጠይቀው ምን ይመልሳል?

መዝሪያው ወር ሰኔ ሳይገባ የግብርና ጽሕፈት ቤቶች የአብራሪውን ስምና ዕድሜ፥ የተማረበትን፥ የሚረጨውን መድኃኒት፥ የማሳውንም ወሰን የሚጽፉበት አንድ መዝገብ ቢያዘጋጁ፥ የሚረጭበትም ቀን በዋዜማው ለጎረቤት ባለ ማሳና ለንብ አርቢው እንዲነገር ቢያደርጉ፥ ለዚህ የሚወጣው ወጪ የአንድ ደብተር ዋጋ ነው።