ጊዜ ሲጠገን

ስለ ብዙ ዓለማት የሚተርኩ ልብ ወለዶችን ስናነብ ዘወትር የምንሰጋው ጊዜ እንዳይሰበር ነው። ትናንት ከዛሬ ጋር ይጋጫል፤ የሞተው ተነሥቶ ይሄዳል፤ ሰው ከራሱ ጋር ፊት ለፊት ይገጣጠማል። እኔን ግን ከስብራቱ ይልቅ ጥገናው ያስፈራኛል። ለዚህም ብዙዎቻችን ከሥነ ጽሑፍ የማንቆጥረውን፣ የአሜሪካኑን የዲሲ ኮሚክስ የሥዕል ታሪኮች ዓለም ምስክር አድርጌ እጠራለሁ። ውድ አንባቢ፣ ምስክሬን አትናቅብኝ።

ነገሩ ሲጀመር ጨዋታ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1961 በወጣ አንድ ታሪክ ፍላሽ የሚባለው ፈጣኑ ባሪ አለን በሰውነቱ ንዝረት ከዓለሙ ወጥቶ ወደ ሌላ ምድር ይሻገራል። እዚያም በልጅነቱ በመጽሔት ያነበበውን የቀድሞውን ፍላሽ፣ ጄይ ጋሪክን፣ ሽበት ጣል አድርጎበት በሕይወት ያገኘዋል። (ደራሲው ጋርድነር ፎክስ የራሱን ስም በታሪኩ ውስጥ አስገብቶ፣ ያንን ሌላውን ዓለም በሕልሙ ሲያይ እንደኖረ ማስነገሩ ሁልጊዜ ያስቀኛል።) ከዚያ ወዲያ ምድሮቹ በዙ፤ በዝተውም አዲስ አንባቢ መግቢያ መውጫው የሚጠፋበት ጫካ ሆኑ።

ጫካውን ለመመንጠር ማርቭ ወልፍማንና ሠዓሊው ጆርጅ ፔሬዝ እ.ኤ.አ. ከ1985 እስከ 1986 በ12 ክፍል ያሳተሙት ታሪክ «ክራይሲስ ኦን ኢንፊኒት ኧርዝስ» ይባላል። ዓለማት አንድ በአንድ ይጠፋሉ፤ ዘመናት ይደባለቃሉ፤ የጥንቱና የመጪው ዘመን ፍጡራን በአንድ ሰማይ ሥር ይታያሉ። በ7ኛው ክፍል ሱፐርገርል፣ በትውልድ ስሟ ካራ፣ የአጎቷን ልጅ ሱፐርማንን ለማዳን ስትዋጋ ትሞታለች። እርሱም ሬሳዋን ታቅፎ ያለቅሳል። በ8ኛው ባሪ አለን ራሱ ይሞታል። እስከዚህ ድረስ ቅሬታ የለኝም፤ ሞታቸው ሞት ነውና።

ጥፋቱ የሚመጣው ከድሉ በኋላ ነው። ጊዜ ተጠገነ፤ ምድር አንድ፣ ታሪኳም አንድ ሆነ። በ1986 የሱፐርማን ታሪክ እንደ አዲስ ሲጻፍ ከክሪፕተን የተረፈው እርሱ ብቻ ሆነ። እንግዲህ ካራ አልሞተችም፤ ጭራሹን አልተወለደችም ማለት ነው። ያቺን ሬሳ የታቀፈው ሰው እንዲህ ያለች ዘመድ እንደነበረችው እንኳ አያውቅም። ለሞተ ሰው ተዝካር ይወጣለታል፤ ላልተወለደ ምን ይወጣለታል? ነጋዴው አዲስ ገዢ ቢፈልግ አልፈርድበትም። ነገር ግን በ1985 በዚያ ገጽ ላይ ያለቀሰው አንባቢ፣ በዓመቱ «ያለቀስክለት ነገር አልሆነም» ተባለ፤ ይህ ግፍ ይመስለኛል።

ደራሲዎቹም ግፉ ሳይታወቃቸው የቀረ አይመስለኝም። የመጨረሻው ክፍል የሚዘጋው በድል ሰልፍ አይደለም፤ ሳይኮ ፓይሬት የተባለው ክፉ ሰው በእብዶች ማቆያ ታስሮ፣ የጠፉትን ዓለማት ሁሉ እያስታወሰ ብቻውን ሲያወራ ነው። የሚያስታውሰው እውነት ነው፤ ሰሚ ግን የለውም። ከ12ቱ ክፍሎች ያንን ገጽ አስበልጣለሁ።

የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም እንላለን። ከሞት የተመለሰው ባሪ አለን እ.ኤ.አ. በ2011 በወጣው «ፍላሽፖይንት» ሊያፍሰው ሞከረ፤ ወደ ኋላ ሮጦ የተገደለች እናቱን አዳነ። ዓለሙ ተዛባ፤ አውሮፓ በጦርነት ጠፋች፤ በመጨረሻም እናቱን ራሱ ለሞት መልሶ ሰጣት። የአሳታሚው ዓላማ አሁንም ታሪኩን ከሀ መጀመር ነበር፤ ያም ሆነ። ሆኖም ይህን ታሪክ ከፊተኛው ለይቼ የምወድበት ምክንያት አለኝ። በዚያ በተዛባው ዓለም የሞተው ልጁ ብሩስ ነበር፤ አባቱ ቶማስ ዌይን በሕይወት ቀርቶ ባትማን ሆኗል። ዓለሙ ከመጥፋቱ በፊት ለልጁ ደብዳቤ ይጽፋል፤ ባሪም ተሸክሞት ይመጣል። ብሩስ ያነብበዋል፤ ያለቅሳልም። ዓለሙ የለም፤ ወረቀቱ ግን አለ። ጥገና ካልቀረ እንዲህ ያለ ጠባሳ ይተው።

ካራን በተመለከተ፣ እ.ኤ.አ. በ2004 ሌላ ካራ ከክሪፕተን መጣች፤ ያችኛዋ ግን አይደለችም። ያችኛዋን አንድ ጊዜ አይተናታል። በ1989 ዓ.ም. እንደ አውሮፓውያኑ፣ አለን ብሬነርት በጻፈው አጭር የገና ታሪክ፣ ዴድማን የሚባለው መንፈስ ስለ በጎ ሥራው የሚያመሰግነው ሰው በማጣቱ ተማርሮ ተቀምጧል። አንዲት ወርቃማ ፀጉር ያላት ሴት መጥታ ታየዋለች፤ ትሰማዋለችም። በጎ ሥራ የሚሠራው ለምስጋና እንዳልሆነ ትነግረዋለች፤ እርሷም ያለፈችበት መሆኑ ከአነጋገሯ ያስታውቃል። ስትሄድ ስሟን ይጠይቃታል። ካራ እንደምትባል ትነግረዋለች፤ ስሙ ለእርሱ ምንም ትርጉም እንደማይሰጠው ግን ታውቃለች።