ከጓዳችን፦ የገብስ ሾርባ በድርቆሽ

ዛሬ ወደ ጓዳ የምንገባው በአንድ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ምክንያት ነው።

ሐይቅ ከተማ በኅዳርና በታኅሣሥ ማታ ማታ ከውኃው በኩል የሚነሳው ብርድ አጥንት ድረስ ይዘልቃል። የአምባሰል ደጋ ውርጭማ ከዚህም ይብሳል። ከዚያ ለትምህርት የሚወርዱ ልጆች ሁለት ሦስት ሆነው አንዲት ክፍል ይከራያሉ። ስንቃቸው በየሳምንቱ ከቤት ይመጣል፤ ድርቆሽ፣ ቆሎ፣ በሶ። ከመግሪብ በኋላ ቁርኣን ከሚቀሩት ልጆቼ አንዱ እንዲህ የሚኖር ነው። አንድ ቀን ከትምህርት ቀረብኝና ቤቱ ሄድኩ። ግድግዳ ተደግፎ ተቀምጧል፤ ራሱን ያዞረዋል፣ ያስመልሰዋል።

“ማታ ምን በልተህ ነው?” አልኩት።

“ቆሎ ነው ኡስታዝ። ብርዱ ሲጠናብን ከሰሉን ወደ ውስጥ አስገብተን ተኛን” አለኝ።

አከራያቸው ለሱብሒ ሲነሱ የማቃሰት ድምፅ ሰምተው በሩን አስከፍተዋል። ባይነሱስ ኖሮ? አላህ (ሱ.ወ) አተረፋቸው።

ወላጆች ልብ በሉ። ከሰል የሚገድለው በሚታየው ጭሱ አይደለም። ካርቦን ሞኖክሳይድ የሚባለው ጋዝ ቀለምም ሽታም የለውም። በደም ውስጥ የኦክስጅንን ቦታ ስለሚይዝ የተኛ ሰው ሳይነቃ ሊሞት ይችላል። ፍሙ ቀልቶ ጭሱ ካለቀ በኋላም ጋዙ መውጣቱን አይተውም፤ “ጨሶ አልቋል፣ አስገባው” የምንለው ያታልለናል። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ስንተኛ በቤታችን እሳት እንዳንተው ማዘዛቸውን ቡኻሪና ሙስሊም ዘግበዋል። ይህን ሐዲስ ለዓመታት ያስተማርኩት የቤት ቃጠሎን ብቻ እያሰብኩ ነበር።

ነገር ግን ለበረደው ልጅ “እሳቱን አውጣ” ብሎ መሄድ ምን ይጠቅመዋል? ሆዱ ውስጥ ትኩስ ነገር ይግባ። ለዚህ ደግሞ ሾርባን የሚያህል የለም።

እኛ ዘንድ ሾርባ የረመዳን ሆኗል፤ ሸዋል ሲገባ ይረሳል። ሰኞና ሐሙስ ለሚጾም ሰው እንኳ ብዙ ጊዜ ትዝ አይለንም። ስሙ ከፋርስ ተነስቶ በዐረብ በኩል የደረሰን ነው፤ ገብሱ ግን የራሳችን ደጋ ነው። በነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ዘመን ቂጣ ቆራርሶ በሥጋ መረቅ የሚያርሱት ሠሪድ የተወደደ ምግብ ነበር። ድርቆሽ በሾርባ ያራሰ ተማሪ የወሎን ሠሪድ በላ ብል የሚቆጣኝ ያለ አይመስለኝም።

ለአራት ሰው ሁለት የሻይ ብርጭቆ የገብስ ክንጬ ታጥቦ ከዙህር ጀምሮ ይዘፍዘፍ። ከሰሉ ደጅ ይቀጣጠል። ሁለት ራስ ቀይ ሽንኩርት በዘይት ይቁላላ፤ ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብልና ሁለት ቲማቲም ይጨመር። አጥንት ያለው ሥጋ ከተገኘ አሁን ይግባ። ከሌለ አያሳስብ፤ ግማሽ ብርጭቆ ምስር ክክ ይተካዋል፣ የተማሪ ድስት ይህኛው ነው። ሦስት ሊትር ያህል ውኃ ጨምሮ ሲፈላ ገብሱን መጨመር ነው። ከዚያ በኋላ አንድ ሰዓት፣ ሥጋ ካለው አንድ ሰዓት ተኩል ቀስ ብሎ ይብሰል። ገብስ ድስት ይይዛል፤ ጥናት ላይ ያለ ልጅ ደግሞ ይረሳዋል። ስለዚህ አንዱ ያንብብ፣ ሌላው ያማስል። ካሮቱ ሊወጣ ሃያ ደቂቃ ሲቀረው ይገባል፤ ቁንዶ በርበሬ፣ ከሙንና ጨው መጨረሻ ላይ።

ድርቆሹን ድስት ውስጥ አትጨምሩት፣ ሟሙቶ ገንፎ ይሆናል። በየሳህኑ አድርጋችሁ ሾርባውን ከላይ አፍስሱበትና እንደራሰ ብሉት። ፍሙ እዚያው ደጅ በአመድ ይዳፈን፤ ወደ ቤት የሚገባው ድስቱ ብቻ ነው።

ውኃውን ያበዛሁት ያለ ምክንያት አይደለም። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ለአቡ ዘር (ረ.ዐ) መረቅ ሲሠራ ውኃውን አብዝቶ ለጎረቤቶቹ እንዲያደርስ መክረውታል፤ ሐዲሱን ሙስሊም ዘግቦታል። ከተማ ውስጥ የተከራዩ ልጆች ያሉበት ጎረቤት ሁሉ ይህን ያስብ። አጥራችንን ተሻግሮ የሚሄደው ሽታው ብቻ ከሆነ ልጆቹን አስርበናቸዋል።

ከሳምንት በኋላ ልጆቹ ራሳቸው ሠሩት። የመጀመሪያውን ሳህን ለአከራያቸው ላኩ። እሳቸውም “ገብሱ በስሏል፣ ጨው ግን ረስታችኋል” ብለው ሳህኑን አጥበው፣ አምስት ቃሪያ አስቀምጠውበት መለሱላቸው።