ተመላላሹ



ባለፈው ወር አንድ የድሬዳዋ ልጅ ባለ ስድስት ገጽ ወረቀት በላስቲክ ጠቅልሎ ቤቴ ድረስ መጣ። ኳስ ተጫዋች ነው፤ ወረቀቱም እዚህ ጅቡቲ ከአንድ ክለብ ጋር የተፈራረመው ውል ነው። ከፈረመ ስምንት ወር አልፎታል። ውሉ በፈረንሳይኛ ስለተጻፈ ግን ምን እንደሚል የሰማው ያን ዕለት ማታ ነው፣ እኔ እያነበብኩ በአማርኛ ስነግረው። እዚህ ወደብ ላይ በትራንዚተርነት አሥራ ሰባት ዓመት ሠርቻለሁ፤ እንጀራዬ ወረቀት ማንበብ ነው። ብረትም ይሁን ማዳበሪያ፣ ዘይትም ይሁን ስንዴ፣ ወረቀቱ ካልተስተካከለ ከዶራሌ ወደብ አንድ ኪሎ አይወጣም። ያ ልጅ ግን እግሩንና ጉልበቱን ባላነበበው ወረቀት አስረክቦ ነበር።

የሦስት ወር ደመወዝ አልተከፈለውም። ቡና ጠጥተን ሊሄድ ሲነሣ ግን ከደመወዙ የባሰ ነገር ተናገረ። «ጋሼ፣ ቤት መደወል ትቻለሁ» አለኝ። ለምን? ስለው፣ «ክለብ ልቀይር ነው ባልኩ ቁጥር ‹አሁንም?› ይሉኛል። ሰፈር ውስጥ ‹አልሆነለትም› ተብያለሁ።» ሃያ ስድስት ዓመቱ ነው፤ ይህ አምስተኛ ክለቡ ነው። ይህን ደብዳቤ ያስጻፈኝ «አልሆነለትም» የምትለው ቃል ናት።

ልጁ የሚጫወተው የግራ መስመር ተመላላሽ ሆኖ ነው። ስሙ ራሱ ሥራውን ይናገራል። ከራሱ ግብ አጠገብ ተነሥቶ እስከ ባላጋራው ማዕዘን ይሮጣል፣ ኳስ ያሻማል፣ ኳሱ ከተነጠቀ ደግሞ ያንኑ መንገድ ይመለሳል። ሲያጠቃ የታየ ሁሉ ይጨበጨብለታል፤ ሲመለስ ማንም አያየውም። የሕይወቱም ነገር እንደዚያው ነው፤ የአብዛኛው ባለሙያ ተጫዋች ሕይወት እንደዚያው ነው። በቴሌቪዥን የምናያቸው ጥቂት ናቸው። ከእነሱ በታች ያለው ብዙው ሰው የአንድ ዓመት ውል እየፈረመ፣ በውሰት እየተላከ፣ ለሙከራ በሰው አገር እያደረ፣ የፊርማ ገንዘቡን ለቤተሰብ እየላከ የሚኖር ሠራተኛ ነው። ግንበኛ አንዱ ሕንጻ ሲያልቅ ዕቃውን ይዞ ወደ ሌላው ሲሄድ አልሆነለትም አንልም። ሥራ አገኘ ነው የምንለው።

አጥቂውን ፍቅሩ ተፈራን አስቡት። አዳማ ከነማ ተጫወተ፣ ቅዱስ ጊዮርጊስ ተጫወተ፣ ከዚያ ደቡብ አፍሪካ ተሻገረ። ኦርላንዶ ፓይሬትስ፣ ሱፐርስፖርት ዩናይትድ፣ ፍሪ ስቴት ስታርስ፤ የእነዚህን ሁሉ ማሊያ ለብሷል። በመሀል የስኮዳ መኪና በሚሠራባት በቼኳ ከተማ በምላዳ ቦሌስላቭ፣ ከዚያም በፊንላንዷ ኩኦፒዮ ተጫወተ። ሁለቱም አገሮች የበረዶ ሆኪ አጥብቆ የሚወድ ሕዝብ ያለባቸው ናቸው። እዚያም ቢሆን ዝናው ከከተማው ያልዘለቀ ሆኪ ተጫዋች አንዱን ክረምት በአንድ ከተማ፣ ቀጣዩን በሌላ አገር እየተጫወተ ልጆቹን ያሳድጋል፤ ጎረቤቶቹም ሥራው እንደሆነ ያውቃሉ። ፍቅሩ ቬትናምም ገብቷል። ከዚያ ሁሉ በኋላ ነው ሕንድ የሄደው።

(ዘመኑን በፈረንጆቹ ነው የምጽፍላችሁ፤ እዚህ ሰነዳችን ሁሉ በዚያ ስለሆነ ለምዶብኛል።) ኦክቶበር 12 ቀን 2014 የሕንድ ሱፐር ሊግ ለመጀመሪያ ጊዜ ተከፈተ። ኮልካታ፣ ሶልት ሌክ ስታዲየም፣ አትሌቲኮ ደ ኮልካታ ከሙምባይ ሲቲ። በ27ኛው ደቂቃ ፍቅሩ አገባ፤ አግብቶም ሜዳው ላይ በአየር ተገለበጠ። በሊጉ ታሪክ የመጀመሪያዋ ግብ የእሱ ናት፤ ማንም ሊወስድበት አይችልም። በዚያ ቡድን ውስጥ ለሊቨርፑል የተጫወተው ሉዊስ ጋርሲያም ነበር። ቡድኑ በዲሴምበር ዋንጫውን አነሣ፤ ፍቅሩ ግን በፍጻሜው ሜዳ ላይ አልነበረም። በቀጣዩ ዓመት ማሊያ ቀይሮ ማርኮ ማቴራዚ ወደሚያሠለጥነው ክለብ ወደ ቼናይን ገባ። ግማሽ ፍጻሜው ከማን ጋር ደረሰው? ከአሮጌ ክለቡ ጋር። የመልሱ ጨዋታ የትኛው ሜዳ ላይ? እዚያው ሶልት ሌክ። ያን ምሽት ቼናይን 2 ለ 1 ተሸነፈ፤ በመጨረሻው ደቂቃ ያገባት አንዷ ግብ የፍቅሩ ነበረች፤ በድምሩ 4 ለ 2 አልፈው ዋንጫውን ወሰዱ። ሁለት ዓመት፣ ሁለት ክለብ፣ ሁለቱም ሻምፒዮን።

ይህን ታሪክ ለዚያ ልጅ ስነግረው ዝም ብሎ ሰማኝ። ከዚያ «በፍጻሜው ሳይሰለፍ ሲቀር ምን ተሰምቶት ይሆን?» አለ። ሌላውን ሁሉ ትቶ የጠየቀኝ ይህን ነው። የተቀያሪ ወንበርን የሚያውቅ ሰው የሚጠይቀው ጥያቄ ነው።

እኛ አንደኛ የወጣውን ብቻ የመቁጠር ልማድ አለን። ሮተርዳም ላይ በ1988 በላይነህ ዲንሳሞ ማራቶንን በ2:06:50 ሮጦ የዓለም ክብረ ወሰን እንደሰበረ፣ ክብረ ወሰኑም አሥር ዓመት እንደቆየ ልጅ ሳለሁ በቃሌ ይዤው ነበር። በዚያ ውድድር በ17 ሰከንድ ተቀድሞ ሁለተኛ የወጣው ግን የዚህ አገር ልጅ አህመድ ሳላህ እንደነበር ያወቅሁት ጅቡቲ መጥቼ ነው። በዚያው ዓመት ኢትዮጵያ ያልተሳተፈችበት የሴኡል ኦሊምፒክ ላይ ነሐስ አገኘ። ጅቡቲ እስከ ዛሬ በኦሊምፒክ ያገኘችው ሜዳልያ ያ ብቻ ነው። አንዲት ነሐስ ናት፤ እዚህ ግን በክብር ትነሣለች።

ከላይ ሆኖ የሚታየው ሰው ራሱ ከመመላለስ አያመልጥም። አርሰናልና ባርሴሎና የተጫወተው አሌክስ ሶንግ በማርች 2020 የስዊዘርላንዱ ሲዮን በኮሮና ምክንያት ደመወዛችሁ እንዲቀነስ ፈርሙ ሲል እምቢ ካሉት ዘጠኝ ተጫዋቾች አንዱ ነበር፤ ዘጠኙም ተባረሩ። በኖቬምበር የፈረመው የት ነው? እዚሁ ጅቡቲ፣ ለአርታ ሶላር 7። ቆይቶ ሳሎሞን ካሉም መጣ፣ ከቼልሲ ጋር የአውሮፓን ዋንጫ ያነሣው ሰው። ያ የድሬዳዋ ልጅ ሲጫወት የነበረው በዚሁ ሊግ ነው። ሰፈር ውስጥ ሶንግ ጅቡቲ ሲገባ «አልሆነለትም» ያለ ሰው ነበር?

አሁን ወደ ወረቀቱ ልመለስ፤ ለልጆቻችሁ የሚጠቅመው እዚህ ላይ ነውና።

የፊፋ የዝውውር ደንብ እንዲህ ይላል፦ ክለቡ ያለ አግባብ ቢያንስ የሁለት ወር ደመወዝ ካስቀረ፣ ተጫዋቹ በጽሑፍ አስጠንቅቆ ቢያንስ 15 ቀን ይሰጠዋል። በዚያ ካልተከፈለው ውሉን በበቂ ምክንያት ማፍረስ ይችላል። ይህ ከ2018 ጀምሮ በደንቡ ውስጥ አለ። ልጁ አያውቅም ነበር። «ጥዬ ብሄድ ይከሱኛል» ብሎ ሦስት ወር ባዶ ሆዱን ሮጠ። አብረን ቁጭ ብለን ደብዳቤውን በፈረንሳይኛ ጻፍን፤ በአንድ ቅጂ ላይ የተቀበሉበትን ማህተም አስመታን። በ12ኛው ቀን የሁለት ወሩን ከፈሉት፣ ሦስተኛውን ትቶላቸው በስምምነት መልቀቂያውን ተቀበለ። ሦስተኛውንም ባይተው ደስ ይለኝ ነበር፤ እሱ ግን ከገንዘቡ ይልቅ መልቀቂያውን ፈለገ። ያለ መልቀቂያ ሌላ ክለብ ለመግባት መንገዱ ረጅም እንደሆነ ያውቃል።

በውሉ ውስጥ ስለ ጉዳት አንድም ቃል አልነበረም። ቢሰበር ማን እንደሚያሳክመው፣ ሲታከም ደመወዙ እንደሚቀጥል የሚል ነገር የለም። ጥር ላይ ጉልበቱን ተመቶ በራሱ ገንዘብ ታክሟል። ስለዚህ ልጃችሁ ውል አገኘሁ ብሎ ሲደውል፣ ስንት ይከፍሉሃል ከማለታችሁ በፊት ብትጎዳስ ማን ያሳክምሃል በሉት። የማያውቀው ቋንቋ ከሆነ ቋንቋውን የሚያነብ ሰው ፈልጉለት። በጅቡቲ ከሆነ እኛ አለን፤ ትራንዚተር ያልሞላበት ሰፈር የለም።

ከዚህ የሚብሰኝ የታዳጊዎቹ ነገር ነው። አሥራ አምስት ዓመት ያልሞላውን ልጅ «ሙከራ አለው፣ ከጅቡቲ ወደ ዓረብ አገር ያልፋል» ብለው ከወላጅ ገንዘብ ተቀብለው የሚያመጡ ሰዎች አይቻለሁ። ልጁ እዚህ ደርሶ የሚቀበለው ሰው የለም። ወላጆች ይህን እወቁ፦ ዕድሜው 18 ያልሞላ ተጫዋች ከአገር አገር መዛወር በፊፋ ደንብ ክልክል ነው፤ ያሉት ልዩ ሁኔታዎች ጠባብ ናቸው፣ ደላላ የሚያሟላቸውም አይደሉም። አሁኑኑ ካልፈረመ ዕድሉ ያመልጠዋል የሚላችሁን ሰው አትመኑት።

አሠልጣኞችም ብትሆኑ አንድ ነገር ልለምናችሁ። አንድ ተጫዋች በገንዘብ ከአገር አገር ሲሸጥ ከክፍያው እስከ አምስት በመቶ የሚሆነው ከ12 እስከ 23 ዓመቱ ድረስ ላሠለጠኑት ክለቦች ይከፋፈላል። ይህን ለማግኘት ግን ልጁ በየዓመቱ የት እንደነበር የተመዘገበ ሰነድ ያስፈልጋል። ያ የድሬዳዋ ልጅ በታዳጊ ፕሮጀክት ውስጥ አራት ዓመት ሠልጥኗል፤ አንዱም ዓመት በወረቀት የለም። ስሙን ጻፉ። የተወለደበትን ቀን በትክክል ጻፉ። ዓመቱን ጻፉ። ምዝገባው እሱን ቢያመልጠውም ለታናሾቹ ይደርሳል።

የጎደለን ወረቀት ብቻ አይደለም። በማርች 2025 የኢትዮጵያና የጅቡቲ ብሔራዊ ቡድኖች ለዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ተገናኙ፤ 6 ለ 1 አሸነፍን። ጨዋታው የተካሄደው ሞሮኮ ነው። በባቡር የምንገናኝ ሁለት ጎረቤቶች ካፍ የሚቀበለው ሜዳ ስላልነበረን ሰሜን አፍሪካ ድረስ በረርን። ብሔራዊ ቡድናችን የመጀመሪያውን ጨዋታ ያደረገው በ1947 አዲስ አበባ ላይ ከዚህችው አገር ቡድን ጋር ነበር፤ ያኔ የፈረንሳይ ሶማሌ ላንድ ትባል ነበር። ያን የሞሮኮ ጨዋታ ከጅቡቲያውያን ጎረቤቶቼ ጋር አብሬ አየሁት። ስድስተኛው ሲገባ ደስታዬን ቀነስኩ፤ ሻዩን የጋበዙኝ እነሱ ነበሩ።

ልጁ በመጪው ሳምንት ከናጋድ ጣቢያ በባቡር ወደ ድሬዳዋ ይመጣል። እስከዚያ ከሌሊቱ 11 ሰዓት ላይ፣ ፀሐይዋ ሳትበረታ፣ ሲየስታ የባሕር ዳርቻ ላይ ብቻውን ይሮጣል፤ ሁለት ቀን አብሬው ወጥቼ አይቼዋለሁ። ትናንት እኔው ደውዬ ከቤተሰቡ ጋር አገናኘሁት። እናቱ ስለ ክለቡ ምንም አልጠየቁትም፤ «እግርህ እንዴት ነው?» አሉት፤ ስልኩን ይዞ ወደ ሰገነቱ ወጣ።

የግራ መስመር ተመላላሽ የምትፈልጉ ክለቦች ካላችሁ፣ ግራ እግሩን የሚያምን ልጅ ነው። መልቀቂያው በእጁ ነው። የሐኪሙን ማስረጃ ወደ አማርኛ ተርጉሜ አያይዤለታለሁ፤ ጉልበቱ ድኗል።

ወንድማችሁ፣
ከጅቡቲ ከተማ