ሲበሉ እንግዳ፣ ሲከፍሉ ነጋዴ

መልካም ነገር ሁሉ ሌባ አያጣም። እንግዳ መቀበልም ከምንኮራባቸው ጠባዮች አንዱ ስለ ሆነ፣ በዘመናችን የራሱን ሌባ አግኝቷል። ይህ ሌባ ጨለማን ተገን አድርጎ ግድግዳ የሚሰረስር አይደለም። በጠራራ ፀሐይ ቦርሳውን በጀርባው አዝሎ፣ ፈገግ ብሎ ሰላምታ እየሰጠ በበሩ ይገባል። በልቶ፣ ጠጥቶ፣ በሰው መደብ ላይ ተኝቶ ያድራል። ሲነጋም በዋጋ ተከራክሮ ከሚገባው ግማሹን ይሰጥና ተመርቆ ይሄዳል። ወጣት አንባቢዬ ሆይ፣ ስለዚህ ሰው ጥቂት ልናገር እወዳለሁ፤ ይህ ሰው የቅርብ ጓደኛህ ሊሆን፣ እንዲያውም አንተው ራስህ ልትሆን ትችላለህና።

በአገራችን ተራሮች በመንገድ መሪ እየተመሩ በእግር መጓዝና በገበሬው መንደር ማደር ዛሬ የተጀመረ ነገር አይደለም። የሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ እ.ኤ.አ. በ1978 በዓለም ቅርስነት ከተመዘገበ ወዲህ፣ ዋልያንና ጭላዳን ለማየት፣ ከ4,500 ሜትር በላይ ከፍ ወዳለው ወደ ራስ ዳሸንም ለመውጣት ከደባርቅ የሚነሣው መንገደኛ ብዙ ነበር። በሰሜን ወሎ በመቄት ወረዳም እ.ኤ.አ. ከ2000 በኋላ ባሉት የመጀመሪያ ዓመታት ገበሬዎች በማኅበር ሆነው የእንግዳ ጎጆ ሠርተው፣ ዋጋውንም አስቀድመው ቆርጠው እንግዳ መቀበል ጀመሩ። ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ደግሞ የአዲስ አበባ ወጣቶች በቡድን እየሆኑ ወደ ወንጪ፣ ወደ አንኮበርና ወደ መንዝ በእግር መጓዝን ለምደዋል። ይህ ሁሉ የሚያስመሰግን ነው። አገሩን በመጽሐፍ ብቻ ያወቀ ሰው በዝና እንዳወቃት ይቆጠራል፤ ዳገቷን ወጥቶ፣ ጅብራዋን አይቶ፣ ከገበሬዋ ጋር እሳት የሞቀ ግን አገሬ ሲል የሚናገረውን ያውቃል።

ስለዚህ ጉዞውን አልነቅፍም፤ የምነቅፈው ርካሽነቱን ነው። አንዳንድ ወጣቶች ከተራራ ተመልሰው ሲጨዋወቱ ብትሰማ፣ ስላዩት ገደልና ስላዩት ሰው ከመናገር ይልቅ ስንት ብር እንዳተረፉ ሲፎካከሩ ታገኛቸዋለህ። አንዱ፣ «አምስት ቀን ተጉዤ ያወጣሁት የአንድ ሌሊት የሆቴል ዋጋ ነው» ሲል፣ ሌላው፣ «እኔማ ሁለት ሌሊት በነጻ ነው ያደርሁት፤ ገበሬ እኮ ገንዘብ አይጠይቅም» ይላል። የሰማውም ሁሉ ብልሃቱን ያደንቅለታል። በዚህ ጨዋታ መካከል የሚረሳ አንድ ጥያቄ አለ፤ ይኸውም የጎደለውን ሒሳብ ማን ከፈለው የሚለው ነው። እንጀራው ተበልቷል፤ ውሃው ተቀድቷል፤ እሳቱም ነዷል። የበላው ካልከፈለ ያበላው ከፍሏል ማለት ነው።

እስቲ የአንዲትን ሌሊት ሒሳብ አብረን እንሥራ። ስድስት ወጣቶች በአንዲት ደገኛ ሴት ጎጆ አደሩ እንበል። ለያንዳንዱ ማታ ሁለት፣ ጧት አንድ እንጀራ ብንቆጥር 18 እንጀራ ይሆናል። በከፍተኛው ደጋ የሚበቅለው ገብስ ነው እንጂ ጤፍ አይደለም፤ እንግዳው የጤፍ እንጀራ ያምረው እንደ ሆነ ጤፉ ከወይና ደጋው ገበያ በገንዘብ ተገዝቶ በአህያ ተጭኖ መውጣት አለበት። ቡናውም እንዲሁ በገንዘብ የተገዛ ነው። ውሃው ከምንጭ ይመጣል፤ 20 ሊትር የሚይዝ ጀሪካን ሲሞላ 20 ኪሎ ይመዝናል፤ ለስድስት ሰው መጠጫ፣ መታጠቢያና ለወጥ ማብሰያ አንድ ጀሪካን አይበቃም። እንጨት በደጋ ብርቅ ነውና ምድጃው ላይ የሚነደው ኩበት ነው፤ ኩበቱም ባይነድ ኖሮ ለእርሻው ፍግ ይሆን ነበር። ደግሞም ለእግር ጉዞ የሚመቸው ከክረምት በኋላ ያለው በጋ ስለ ሆነ፣ እንግዳው የሚመጣው በአጨዳና በአውድማ ጊዜ ነው። ያቺ ሴት ለእንግዳ ስትጋግር የዋለችበት ቀን ከመከሩ ላይ የተነሣ ቀን ነው። መደቡና አጎዛው ለእንግዳ ሲለቀቅስ ልጆቿ የት እንደሚያድሩ የጠየቀ ማን ነው? በምድጃው ዙሪያ በአንድ ጋቢ ተጠቅልለው ያድራሉ። ይህን ሁሉ ደምረህ ስታበቃ ርካሽ ያልኸው ጉዞ ርካሽ ሆኖ ታገኘዋለህን?

በ2011 ዓ.ም. በጥር ወር ከጥቂት ወጣቶች ጋር በወሎ ደጋ ስጓዝ የሰማሁትን ልንገርህ። የቡድኑ መሪ ከሁላችንም ገንዘቡን አስቀድሞ በከተማ የሰበሰበ ጐልማሳ ነበር። ጧት ስንሰናበት የቤቱ እመቤት አስቀድሞ የተነገራቸውን የአዳር ዋጋ በትሕትና ቢጠይቁት፣ «እማማ፣ እኛ እኮ የእግዜር እንግዶች ነን፤ ትንሽ ይቀንሱልን እንጂ!» አላቸው። እርሳቸውም አንገታቸውን ደፍተው፣ «እንግዲህ ልጄ፣ እንግዳን ምን ይሉታል፤ እንዳልህ ይሁን» አሉት። ግማሹን ቆጥሮ ሰጣቸው። ገና ከደጃፉ ሳንርቅም ወደ ጓደኞቹ ዘወር ብሎ፣ «አያችሁ፣ እነዚህን ሰዎች በእግዜር ስም ከለመናችኋቸው እምቢ አይሉም» ብሎ ሳቀ። እኔ በድንጋይ ላይ ተቀመጥሁና፣ «የጎደለውን ተመልሰህ ካልከፈልህ ከዚህ አልነሣም» አልሁት። እያጉረመረመ ተመልሶ ከፈለ፤ እስከ ጉዞው መጨረሻም አላናገረኝም።

በዚህ ሰው አነጋገር ውስጥ ነውሩ ሁሉ ተጠቅልሎ ይገኛል። እንግዳ ቢሆን ኖሮ ስለ አዳሩ ከጓደኞቹ ገንዘብ ባልሰበሰበ ነበር፤ ነጋዴ ቢሆን ኖሮ የተዋዋለውን ከፍሎ የእግዚአብሔርን ስም ባላነሣ ነበር። እርሱ ግን ሲበላ እንግዳ፣ ሲከፍል ነጋዴ ሆነ። ከሁለቱም ወገን የሚመቸውን እየመረጠ፣ የሚከብደውን ለዚያች ደገኛ እናት ተወላት።

ለመሆኑ የእግዜር እንግዳ ማን ነው? በሚስዮን ትምህርት ቤት ሳለን አብርሃም በመምሬ ዛፍ ሥር ሦስቱን መንገደኞች እንዴት እንደ ተቀበላቸው ተምረናል። አብርሃም ዋጋ አልጠየቀም፤ መንገደኞቹም ርካሽ ማደሪያ ፈልገው የመጡ አልነበሩም። በአገራችንም የእግዜር እንግዳ የሚባለው መሽቶብኛል፣ ዘመድ የለኝም ብሎ ከደጅ የሚቆም ሰው ነው። ይህ ሥርዓት ደግነት ብቻ ሳይሆን ብድርም አለበት፤ ዛሬ የኔን በር ያንኳኳ ሰው፣ ነገ የርሱን በር ልጄ ያንኳኳል ማለት ነው። በ1970ዎቹ መጀመሪያ ለመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ገጠር በወረድሁ ጊዜ ያሳደሩኝ ገበሬዎች አንድ ቀን እንኳ ሒሳብ አላነሡብኝም፤ እኔም ፊደል አስቆጠርኋቸው፤ ደብዳቤያቸውን ጻፍሁላቸው። አሁን አንተን ልጠይቅህ፤ የዚያች ደገኛ ልጅ የቀን ሥራ ፍለጋ አዲስ አበባ መጥቶ ቢመሽበትና የግቢህን በር ቢያንኳኳ ትከፍትለታለህን? ምናልባት ዘበኛው ገና ከአጥሩ ሥር ያባርረዋል። እንግዲህ የማይመለስ ብድር በእግዜር ስም መውሰድ ምን እንደሚባል አንተው ስም አውጣለት።

ለዚህ የሚሰጡኝን መልስ አውቀዋለሁ። አንደኞቹ፣ «ገበያ ነው፤ ተከራከርን፤ ተስማሙ» ይላሉ። ስምምነት የሚባለው ሁለቱም ወገን እምቢ ለማለት ሲችሉ ነው። እንግዳው ዋጋው ካልተስማማው ወደሚቀጥለው ጎጆ ያልፋል፤ እርሷ ግን ካቦካች በኋላ ሊጡን ዱቄት አድርጋ ወደ ጎተራ አትመልሰውም። በዚያ ላይ መከራው ተደራርቧል። በመጋቢት 2012 ዓ.ም. ወረርሽኙ ገባ፤ በጥቅምት 2013 ዓ.ም. የሰሜኑ ጦርነት ተነሣ፤ ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ ደግሞ በአማራ ክልል የተነሣው ግጭት የቀረውን መንገደኛ አራቀ። በእንግዳ ገቢ ቤቱን ይደጉም የነበረው መንገድ መሪና ባለ በቅሎ ባዶ እጁን ቀረ። እንዲህ ባለ ጊዜ የተራበ ሰው የሚስማማበት ዋጋ የእንጀራው ዋጋ አይደለም፤ የረኃቡ ዋጋ ነው። በሰው ረኃብ መደራደርን ብልሃት የሚል ሰው፣ በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት እንደሚለው ሰው ነው።

ከውጭ አገር የሚመጣው ርካሽ ፈላጊም ከዚህ ነቀፌታ አያመልጥም። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ ለገበያ ሲለቀቅ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው አንድ ዶላር በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ሆነ። ዶላር ለያዘ ሰው፣ በብር የተቆረጠው የቀድሞ ዋጋ አንድ ቃል ሳይከራከር ወደ ግማሽ ገደማ ወረደለት ማለት ነው። በዚህም ላይ ቀንሱልኝ ካለ፣ ልምድ ያለው ተጓዥ መባሉ ቀርቶ ዓይን አውጣ ሊባል ይገባዋል።

ሁለተኞቹ ደግሞ፣ «ገንዘብ የገበሬውን ደግነት ያበላሸዋል» ብለው የተቆርቋሪ ይመስላሉ። እኔ ግን የማየው የተገላቢጦሹን ነው። እንደ መቄት ገበሬዎች ዋጋ አስቀድሞ ተቆርጦ ሲታወቅ እንግዳው አይሳቀቅም፤ ባለቤቲቱም ዓይን ዓይኑን አታይም። ከዚያ ወዲያ የምትጨምርለት አንድ ስኒ ቡና እውነተኛ ስጦታ ይሆናል። ደግሞም ስለ ገበሬው ንጽሕና እንዲህ የሚጨነቅ ሰው፣ ገንዘቡ እርሱን ራሱን እንዳያበላሸው ሲፈራ አይቼ አላውቅም።

ሦስተኞቹ ግን ሊሰሙ የሚገባቸው ናቸው። «እኛ ተማሪዎች ነን፤ አገር ማየት የሀብታም ብቻ ይሁን?» ይላሉ። አይሁን። ነገር ግን ድኻ ተጓዥ ከራሱ ይቀንስ እንጂ ከአሳዳሪው አይቀንስ። አምስት ቀን ያልቻለ ሁለት ቀን ይጓዝ። ሩቅ መሄድ ያልቻለ እንጦጦን ወይም የሱባን ደን ይይ። ስንቁን በሶና ቆሎ ይያዝ፤ ሸክሙን ራሱ ይሸከም፤ መንደሩን አስፈቅዶ በድንኳን ይደር። ይህን ያደረገ ተማሪ ከማንም ሀብታም በላይ ተከብሮ ይሄዳል። ጓደኛውን በሻይ ሲጋብዝ የማይቆጥራትን ብር በድኻ ጎጆ ውስጥ የሚቆጥር ግን ድኽነትን ምክንያት አያድርግ።

ይህ ነገር የጥቂት ብር ጉዳይ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል ባላስጨነቀኝ ነበር። የመንዝ ሰዎች ከ17ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ የጓሳን ሣር በደንብ ጠብቀው ኖረዋል። ሜዳው ለዓመታት ይዘጋል፤ በተቆረጠ ቀን ሲከፈት ለቤት ክዳንና ለገመድ የሚሆነው በልክ ይታጨዳል፤ ከደንቡ የወጣም ይቀጣል። ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ በኋላ አሮጌው ደንብ ሲፈርስ ሣሩ ያለ ልክ ታጨደ፣ ያለ ልክም ተጋጠ፤ ሕዝቡ እንደ ገና ተመካክሮ ጥበቃውን ስላደሰ ነው ጓሳ ለዛሬ የደረሰው። የእግዜር እንግዳ ሥርዓትም እንዲህ ያለ ሜዳ ነው። አባቶቻችን ለመሸበት ሰው ብለው ጠብቀው አቆይተውታል። ርካሽ ፈላጊው በቡድን እየመጣ ቢግጠው ግን ያልቃል። በእግዜር ስም አንድ ጊዜ የተታለለች ሴት በሁለተኛው ትጠራጠራለች፤ በሦስተኛው በሯን ትዘጋለች። ያን ጊዜ በብርድ ውጭ የሚያድረው ቦርሳ ያዘለው ተጓዥ አይደለም፤ እርሱ ወደ ከተማ ሆቴሉ ይመለሳል። ውጭ የሚያድረው የታመመ ልጇን አዝላ ወደ ሐኪም ቤት ስትሄድ መንገድ ላይ የመሸባት እናት ናት፤ ከጦርነት ሸሽቶ መጠጊያ ያጣው ሽማግሌ ነው። የሰረቅኸው የእነርሱን መኝታ ነው።

ስለዚህ አንባቢዬ ሆይ፣ ሰላም ሆኖ መንገዱ ሲከፈትልህ ሂድ፤ ተራራውን ውጣ። ከመነሣትህ በፊት ግን ገንዘብህን ከሚሰበስበው ሰው፣ ለአሳዳሪዋ፣ ለመንገድ መሪውና ለባለ በቅሎው ስንት ስንት እንደሚደርሳቸው ጠይቀህ ዕወቅ፤ ሊነግርህ ካልፈለገ ከርሱ ጋር አትሂድ። የተቆረጠውን ዋጋ ሳትከራከር፣ ሥራውን ለሠራው ሰው በእጁ ስጥ። የተጨመረልህን ሁሉ አመስግነህ ተቀበል፤ ያልተሰጠህን አትለምን። የሚከፍል እንግዳ በገንዘቡ ይግባ፤ የመሸበት እንግዳ በእግዜር ስም ይግባ። የሁለተኛው በር ተከፍቶ እንዲኖር የመጀመሪያው ዋጋውን ይክፈል።