ስልኩን ከአስተርጓሚው አታስቀድሙ

የዛሬው ረዘም ይላል። ጊዜ ሲኖራችሁ አንብቡት፤ ሳታነቡት ግን አትለፉት።

ባለፈው ክረምት እዚህ ኢታንግ ላይ በአማርኛና በኑዌርኛ የተጻፈ ማስታወቂያ ተለጥፎ አየሁ። ኬሚካል ከተረጨበት ቦታ የተለቀመ ቅጠል እንደማይበላ የሚያስጠነቅቅ ነው። የኔ ኑዌርኛ ከገበያ አያልፍምና አብሮኝ የነበረውን ልጅ «እስቲ አንብብልኝ» አልኩት። አነበበና ሳቀ። «ቅጠሉ ምንም ነገር አይበላም ነው የሚለው» አለኝ። እኔም ሳቅኩ። አጠገባችን የቆሙ አንዲት እናት ግን አልሳቁም። «ታዲያ እንብላው ወይስ አንብላው?» ብለው ጠየቁን።

መልሱን ነገርናቸው። ማስታወቂያው ግን እዚያው ግድግዳው ላይ ቀረ። ከእኛ በኋላ ለመጣው ሰው ማን እንደነገረው አላውቅም።

ማን ተረጎመው ብዬ ሳጣራ «ስልክ» ተባልኩ። መሥሪያ ቤቱ ድሮ በቀን አበል የሚያሠራቸው ሁለት አስተርጓሚዎች ነበሩት። ስልኩ ኑዌርኛ ያውቃል ከተባለ ወዲህ አይጠሩም። የመሥሪያ ቤቱን ስም አልጠራም፤ ብጠራው ጥፋቱ የአንድ ቤት ብቻ ይመስላችኋል።

ቴክኖሎጂ ጠል ነው እንዳትሉኝ፤ ይህንን ጽሑፍ ራሱ የጻፍኩት በስልክ ነው። ክርክሬ አንድ ነው። ማሽን የሚያውቀው ሰው የጻፈለትን ብቻ ነው። ስለዚህ አስተርጓሚውን ያሰናበተ መሥሪያ ቤት ዛሬ ሕዝቡን ያሳስታል፣ የማሽኑንም የነገ ቀለብ ይቆርጣል።

መጀመሪያ ስህተቱ ከየት እንደመጣ እንይ። «አይበላም» የሚለውን ቃል አላልታችሁ ስታነቡት ቅጠሉ ራሱ አይበላም ማለት ነው። አጥብቃችሁ ስታነቡት ሰው አይበላውም ማለት ይሆናል። ፊደላችን ጥብቀትን አይጽፍም። ባሮ ዳር «አዞ ይበላል» ብላችሁ ብትለጥፉ፣ የኢታንግ ልጅ ማን ማንን እንደሚበላ አይጠፋውም። ወንዙን ያውቀዋል። ማሽኑ ግን ወንዝ አያውቅም። የሚያውቀው ከዚህ በፊት ያነበበውን ጽሑፍ ብቻ ነው። ባነበበው ውስጥ በብዛት የመጣውን ትርጉም ይገምታል። ከዚያ ደግሞ ከአማርኛ ወደ ኑዌርኛ በቀጥታ የተተረጎመ በቂ ጽሑፍ ስለሌለ፣ የተለመደው መንገድ በእንግሊዝኛ በኩል መሻገር ነው። አንዱ ስህተት ሁለት ድልድይ ሲሻገር ይወፍራል።

ይህ ምሥጢር አይደለም። መጽሐፍ ላይ አለ። በየቴሌግራሙ ፒዲኤፍ እንለዋወጣለን፣ እንደ መስቀል ወፍ በዓመት አንዴ እንኳ ከፍተን አናይም። የጁራፍስኪና የማርቲን ወፍራም መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ2000 ነው መጀመሪያ የታተመው፤ አዲሱ ረቂቅ በነፃ ይገኛል። የበርድ፣ የክላይንና የሎፐር መጽሐፍም እ.ኤ.አ. በ2009 ወጥቶ በነፃ ይነበባል። እኔ የሒሳብ ሰው አይደለሁም፤ ቀመሩን እየዘለልኩ ነው ያነበብኩት። ቀመሩ ቢያመልጣችሁም አንድ ነገር አያመልጣችሁም፦ እነዚህ መጻሕፍት ከመጀመሪያው ምዕራፍ ጀምሮ የሚያወሩት ስለ ተሰበሰበ ጽሑፍ ነው። ጽሑፍ ከሌለ ምዕራፉም የለም።

ታሪኩም ይህንኑ ነው የሚያሳየው። እ.ኤ.አ. በ1954 ጆርጅታውን ዩኒቨርሲቲና አይቢኤም 250 ያህል ቃላትና 6 ሕጎች ይዘው ከሩስኛ ወደ እንግሊዝኛ የሚተረጉም ማሽን ለጋዜጠኞች አሳዩ። ነገሩ በሦስት በአምስት ዓመት እልባት ያገኛል ተባለ። እ.ኤ.አ. በ1966 ግን የአሜሪካ መንግሥት ያቋቋመው ኮሚቴ ውጤቱን መርምሮ ማሽኑ ከሰው እንደማይሻል ጻፈ፤ ገንዘቡም ደረቀ። ዛሬ «ኤአይ ሁሉንም ይፈታዋል» የሚለን ሰው የዚያን ጊዜውን ወሬ በአዲስ ስልክ እየደገመልን ነው።

ታዲያ በኋላ እንዴት ተሳካ? እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ መጨረሻ የአይቢኤም ተመራማሪዎች የካናዳ ፓርላማን ቃለ ጉባኤ አገኙ። ካናዳ ውስጥ የፓርላማው ንግግር በእንግሊዝኛም በፈረንሳይኛም እንዲታተም ሕግ ያስገድዳል። አንድ ተናጋሪ የተናገረው ነገር በሁለት ቋንቋ ጎን ለጎን፣ ለዓመታት፣ በሰው እጅ ተተርጉሞ ተቀምጧል። ማሽኑ መተርጎም የተማረው ከዚያ ነው። ልብ በሉ! ማሽኑን ያስተማረው ደመወዝ እየተከፈለው በየቀኑ የተረጎመ የመንግሥት ሠራተኛ ነው። የካናዳ ፓርላማ «ማሽን እስኪመጣ እንጠብቅ» ብሎ ቢሆን ኖሮ ማሽኑም አይመጣም ነበር።

እኛስ? እኛም አለን። ነጋሪት ጋዜጣ እ.ኤ.አ. ከ1942 ጀምሮ አማርኛውን በአንድ ዓምድ፣ እንግሊዝኛውን በሌላው አድርጎ ሲወጣ ኖሯል። አማርኛ ዛሬ በማሽን ዓለም ትንሽም ቢሆን ቦታ ካገኘ፣ እንዲህ ያለ ወረቀት ስላለው ነው። ከአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የወጡ ምሁራን ደግሞ የዋልታ ኢንፎርሜሽን ማዕከልን 1,065 ዜናዎች ወስደው፣ 210,000 ያህል ቃላት ላይ አንድ በአንድ «ይህ ስም ነው፣ ይህ ግስ ነው» እያሉ በእጃቸው ምልክት አደረጉ፤ ሥራው እ.ኤ.አ. በ2006 ታተመ። የኢንዲያና ዩኒቨርሲቲው ማይክል ጋሰር ሆርንሞርፎ የተባለውን ፕሮግራም ለአማርኛ፣ ለትግርኛና ለኦሮምኛ ሠሩ። «አልሰበርናቸውም» የሚለው አንድ ቃል አፍራሹን፣ ሰባሪውን፣ ተሰባሪውን ሁሉ በሆዱ እንደያዘ ለማሽን የሚያስረዳ ፕሮግራም ነው። ይህ ሁሉ የሰው ልፋት ነው።

እዚህ ላይ እኔንም አልምርም። ማሽን የሚማረው አማርኛ ብዙው የጋዜጠኛ አማርኛ ነው። «ገለጹ፣ አስታወቁ፣ ጠቆሙ፣ አመላከቱ» እያልን የጻፍነውን ነው መልሶ የሚተፋልን። ማሽኑ እንደ ቢሮ ኃላፊ ሲያወራ ብትሰሙት አትሳቁበት፤ እኛው ነን።

አሁን ወደ ኢታንግ ልመለስ። ልዩ ወረዳችን ውስጥ ኑዌርኛ፣ አኙዋኛና ኦፖኛ ይነገራል። የክልሉ የሥራ ቋንቋ አማርኛ ነው። ጉግል ትርጉም አማርኛን ያስገባው እ.ኤ.አ. በ2016 ነው። በሰኔ 2024 ደግሞ 110 ቋንቋዎች በአንድ ጊዜ ሲጨምር ኑዌርኛ ገባ። የአኙዋኛ ዘመዶች የሆኑት አቾሊና ሉዎ ገቡ። አኙዋኛ ግን አልገባም። ኦፖኛማ ከነጭራሹ ያነሳውም የለ።

ይህንን ስጽፍ እጠነቀቃለሁ፤ የት እንደምኖር አውቃለሁና። አንዱ ቋንቋ ገብቶ ሌላው የቀረው አንዱ ሕዝብ ስለሚበልጥ አይደለም። ኑዌርኛ ከድንበሩ ማዶ ደቡብ ሱዳን ውስጥ ብዙ ተናጋሪ አለው፤ አሜሪካ ሚኒሶታና ነብራስካ የሰፈሩ ልጆቹም አሉ። በበይነ መረብ ላይ ብዙ ጽሑፍ ያለው ቋንቋ ቶሎ ይታያል። ነገሩ ይኸው ነው። ግን ደግሞ አስቡት። አንድ መሥሪያ ቤት «በስልኩ ያለውን ቋንቋ ብቻ እንጠቀም» ብሎ ቢወስን፣ ከጎረቤታሞቹ አንዱ ማስጠንቀቂያ ይሰማል፣ ሌላው አይሰማም። አገልግሎት ለማን ይድረስ የሚለውን የሚወስነው ኢታንግን በካርታ እንኳ አይቶ የማያውቅ ኩባንያ ይሆናል ማለት ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 5 ቋንቋዎች ሁሉ በመንግሥት እኩል እውቅና እንዳላቸው ይላል። በስልክ ውስጥ ያለና የሌለ ብሎ አይከፍልም።

«ኑዌርኛና አኙዋኛ የጽሑፍ ቋንቋ አይደሉም» የሚል ሰው ካለ ደግሞ ዝም አልለውም። የክራትሶላራ የኑዌርኛ ሰዋስው የታተመው እ.ኤ.አ. በ1933 ነው። የሜሕትሂልድ ሬህ የአኙዋኛ ጥናት እ.ኤ.አ. በ1996 ወጥቷል። ልጆቻችን በአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ቋንቋዎቹን ይማራሉ። የጎደለው ሌላ ነው። ቋንቋዎቹ በአብዛኛው የተጻፉት በመጽሐፍ ቅዱስና በመማሪያ መጽሐፍ ነው። የገበያው፣ የክሊኒኩ፣ የፍርድ ቤቱ፣ የከብቱ ንግግር አልተጻፈም፤ ወይም ተጽፎ በማግስቱ ተቀዶ ተጥሏል። ከመጽሐፍ ቅዱስ ብቻ የተማረ ማሽን ደግሞ ለታመመ ልጅ እናት እንደ ሐዋርያ ነው የሚያወራት። ስንት ማንኪያ መድኃኒት እንደምትሰጠው ከየት አምጥቶ ይነግራታል?

አሁን ደግሞ የሌላኛውን ወገን ክርክር ልስማ። «ቋንቋችን ጥልቅ ነው፣ ማሽን አይችለውም፣ ተዉት» የሚሉ አሉ። ኩራቱ ደስ ይላል፤ ግን አያዛልቅም። ማሽኑ ተዉት ስለተባለ አይተወንም። እ.ኤ.አ. በ2021 ፍራንሲስ ሃውገን ለአሜሪካ ሴኔት ስትመሰክር፣ ፌስቡክ ጎጂ ጽሑፍን የሚለይበት ሥርዓት ከኢትዮጵያ ቋንቋዎች ሁለቱን ብቻ እንደሚሸፍን ተናግራለች። የቀሩት ቋንቋዎች ተናጋሪዎች ያኔ ፌስቡክን ይጠቀሙ ነበር፤ ጠባቂ ግን አልነበራቸውም። ማሽኑ ስድባችንን ሳይረዳ ለሺዎች ያደርሰዋል። ኢታንግ ላይ አንድ ወሬ ምን እንደሚያደርግ ለኢታንግ ሰው አልነግርም።

አማርኛ ጸሐፊዎች ሆይ፣ እኛም ወደ ራሳችን እንይ። በኮምፒዩተር አጻጻፍ አንድ የእንግሊዝኛ ፊደል 1 ባይት ሲይዝ የኛ አንድ ፊደል 3 ባይት ይይዛል። «ሰላም» ስንል 3 ፊደል ነው፤ ለማሽኑ ግን 9 ባይት። የኤአይ ኩባንያዎች ጽሑፉን እየቆራረጡ በቁርጥራጭ ብዛት ስለሚያስከፍሉ፣ ተመሳሳይ ጥያቄ በአማርኛ ሲጠየቅ ይወደዳል። ይህ ያበሳጨናል፤ ልክም ነን። ዓለም እንግሊዝኛን መነሻ አድርጎ ሌላውን እንደ ተቀጥላ ሲያይ እንጮኻለን። ኢታንግ ላይ ግን አማርኛው መነሻ፣ ኑዌርኛውና አኙዋኛው ተቀጥላ ናቸው። እንግሊዝኛ እኛን ያደረገንን እኛ ጎረቤታችንን ካደረግነው ጩኸታችን ምን ዋጋ አለው?

ስለዚህ የምጠይቀው ይህንን ነው።

አንደኛ፦ ለሕዝብ የሚወጣ ማንኛውም ማስታወቂያ፣ በተለይ የጤና፣ የጎርፍና የእርዳታ እደላ ማስታወቂያ፣ ቋንቋውን አፉን የፈታበት ሰው ጮክ ብሎ ሳያነበው አይለጠፍ። ማሽኑ ረቂቅ ያውጣ፤ ፊርማው ግን የሰው ይሁን።

ሁለተኛ፦ አስተርጓሚ በበጀት ይያዝ። ለነዳጅ፣ ለአበልና ለአዳራሽ ኪራይ የሚገኝ ገንዘብ ለአስተርጓሚ ሲሆን የሚጠፋበት ምክንያት አይገባኝም። አኙዋኛና ኦፖኛ የሚያውቁት ደግሞ አስቀድመው ይያዙ፤ እነሱን የሚተካ ስልክ እንኳ የለምና።

ሦስተኛ፦ የተተረጎመ ወረቀት አይጣል። አማርኛው፣ ኑዌርኛውና አኙዋኛው ጎን ለጎን ሆኖ በየዓመቱ በፋይል ይቀመጥ፤ ሰው ሁሉ እንዲያየው ክፍት ይሁን። አሥር ዓመት ብናደርገው የኢታንግ የራሷ ቃለ ጉባኤ ይሆናል።

አራተኛ፦ ለዩኒቨርሲቲዎች። የማስተርስ ተማሪዎቻችሁ በአገር ቋንቋ ላይ ስንት ነገር ሠርተው መደርደሪያ ላይ አስቀምጠዋል! ጥናቱን ብቻ ሳይሆን የሰበሰቡትን ጽሑፍም ልቀቁት። አንዱ የለቀመውን ሌላው እንደገና ከዜሮ አይልቀመው።

«ይህ ሁሉ ገንዘብ ይፈልጋል» እንደምትሉኝ አውቃለሁ። ይፈልጋል። ማስታወቂያውን አንብቦ የሳቀው ልጅ ግን ስህተቱን ያገኘው በግማሽ ደቂቃ ነው። ከመለጠፉ በፊት ለሱ ወይም እንደሱ ላለ ሰው የግማሽ ቀን አበል ተከፍሎት ቢሆን ኖሮ፣ እኚያ እናት «እንብላው ወይስ አንብላው?» ብለው መንገደኛ አይጠይቁም ነበር።

በመሥሪያ ቤታችሁ ስልክ የተረጎመው ማስታወቂያ ካለ ቋንቋውን ለሚያውቅ ሰው ዛሬውኑ አስነብቡት። የተሳሳተ ካገኛችሁ ፎቶውን ላኩልኝ፤ የመሥሪያ ቤቱን ስም ሸፍኜ እዚሁ አወጣዋለሁ። አኙዋኛና ኦፖኛ የምታውቁ ወዳጆች፣ በተለይ የናንተን እጠብቃለሁ።

ቸር እንሰንብት።